ሪጽፋ ዓለቱን አልለቀቀችም

ወጣቶች፣ በ2012 ዓ.ም. የደምቢ ዶሎ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ወደ ቤታቸው ሲመለሱ መንገድ ላይ ሲታገቱ ከእናንተ ብዙዎቹ ገና ልጆች ነበራችሁ። በጥር ወር በአማራ ክልል ከተሞች ሰልፍ ተወጣ፤ በየጉባኤው ተጸለየ። መንግሥት ብዙዎቹ ተለቀዋል አለ፤ ወላጆች ግን የልጆቻችንን ድምፅ አልሰማንም አሉ። ከዚያ ኮሮና ገባ፤ ወሬውም ተለወጠ።

ሰኔ 26 ቀን 2016 ዓ.ም. ከደባርቅ ዩኒቨርሲቲ ወደ አዲስ አበባ ይጓዙ የነበሩ ተማሪዎች ገርበ ጉራቻ አካባቢ ከአውቶቡስ ወርደው ታገቱ። ቤተሰብ ገንዘብ ተጠየቀ። አገሩ እንደገና አለቀሰ፤ እንደገናም ዝም አለ።

እኛ ማጀቴ ላይ ተማሪ ስንሸኝ ከስንቁ በፊት የሚነሣው ጥያቄ “መንገዱ እንዴት ነው?” የሚል ነው። ልጇ “ደረስኩ” ብላ እስክትደውል ድረስ እናት እህል አይወርድላትም። ወጣቶቻችንን ሳስተምር አንዷ፣ “መምህር፣ እስከ መቼ ስለ መንገድ ብቻ እንጸልያለን?” አለችኝ።

መልሴ ሪጽፋ ናት። በሁለተኛ ሳሙኤል ምዕራፍ 21 ልጆቿ ከተገደሉ በኋላ ማቅ በዓለት ላይ ዘርግታ ተቀመጠች። ከመከር መጀመሪያ አንሥቶ ዝናብ እስኪወርድ ድረስ ቀን አሞራውን፣ ሌሊት አውሬውን ከለከለች። ልጆቿ አልተመለሱላትም፤ ወሬዋ ግን ዳዊት ጆሮ ደረሰና ንጉሡ አጥንታቸውን አሰበሰበ። ንጉሡን ያስነሣው ቦታዋን አለመልቀቋ ነው።

በእኛም ዘመን እንዲህ ያለ ኀዘን ፍሬ አፍርቷል። በ1996 እ.ኤ.አ. በስኮትላንድ ደንብሌን 16 ሕፃናትና መምህርታቸው በትምህርት ቤታቸው በጥይት ተገደሉ። ወላጆችና ጎረቤቶች ፊርማ አሰባሰቡ፤ ጥያቄያቸውንም አላቋረጡም። በቀጣዩ ዓመት በብሪታንያ ሽጉጥ በግለሰብ እጅ እንዳይኖር ሕግ ወጣ። የእኛ አገር ቁስል በአንድ ሕግ አይድንም፤ አጋቹ ሕግ አይሰማም። ቢሆንም የማይጠየቅ ባለሥልጣን አይመልስም።

ስለዚህ ኅብረታችሁ አንድ ደብተር ይኑረው። የታገተ ተማሪ ወሬ ሲሰማ ቀኑና ቦታው ይጻፍበት። በየወሩ ገልጣችሁ ጸልዩ፤ በአቅራቢያችሁ ልጁ የቀረበት ቤተሰብ ካለ ቡና አፍልታችሁ አብራችሁ ተቀመጡ። ሽማግሌዎቻችሁ አስተዳደሩ ፊት በቀረቡ ቁጥር “የእነዚያ ልጆች ነገር የት ደረሰ?” ብለው እንዲጠይቁ አስታውሷቸው። ወሬው ከስልካችሁ ቢጠፋም ከደብተራችሁ አይጥፋ።