ሰባት ድምፅ

በዚህ ዓመት መጀመሪያ በክፍላችን የአለቃ ምርጫ ተደረገ። የተወዳደሩት ሁለት ልጆች ነበሩ። አንደኛው የልብ ጓደኛዬ ነው፤ ስሙን እዚህ ባልጽፈውም የክፍሌ ልጆች ያውቁታል። እርሱ ለመመረጥ የተነሣበት ምክንያት አንድ ብቻ ነበር፤ ይኸውም በክፍሉ ቁም ሣጥን ተቈልፈው የሚከርሙት መጻሕፍት ዓርብ ማታ እየተፈረመባቸው ለተማሪዎች እንዲሰጡና ሰኞ ጧት እንዲመለሱ ነው። መንገዱ ስለሚርቅባቸው ከትምህርት በኋላ በቤተ መጻሕፍት ሊቈዩ የማይችሉ ልጆች፣ ይልቁንም ሴቶቹ፣ በዚህ አሳብ እጅግ ተደስተው ነበር።

ምርጫው የተደረገው ከእረፍት ቀጥሎ ባለው ክፍለ ጊዜ ነው። እኔና ሁለት ባልንጀሮቼ ግን በዚያ ሰዓት ከግቢው ማዶ ባለችው ሻይ ቤት ተቀምጠን ጨዋታ ይዘን ነበር። «እኛ ብንቀር ምን ይጎድላል?» ተባባልን። ከ58 ተማሪዎች 55ቱ ድምፅ ሰጡ፤ አንድ ወረቀት ተበላሽቶ ተጣለ፤ ጓደኛዬ 26፣ ተወዳዳሪው 28 ድምፅ አገኙ። ሦስታችን ተገኝተን ቢሆን ኖሮ ጓደኛዬ በአንድ ድምፅ ያሸንፍ ነበር። የተመረጠው ልጅ ደግ ልጅ ነው፤ በማንም ላይ ክፉ አልሠራም። ነገር ግን የመጻሕፍቱ ጉዳይ በዚያው ተረሳ፤ ቁም ሣጥኑም እንደ ተቈለፈ ዓመቱ ሊያልቅ ነው። ጓደኛዬ በማግስቱ የት ውዬ እንደ ነበር ሲጠይቀኝ «ራሴን አሞኝ ነበር» ብዬ ዋሸሁት።

በሁለተኛው መንፈቅ የታሪክ መምህራችን እያንዳንዳችን የአንድ የውጭ አገር ከተማ አስተዳደር አጥንተን ለክፍሉ እንድናስረዳ አዘዙን። የእናቴ ታናሽ እኅት በለንደን ከተማ በስተ ምሥራቅ ፖፕላር በሚባል ሰፈር ስለምትኖር እኔ ያንን መረጥሁ። አክስቴ በሌሊት ቢሮ እያጸዳች የምትኖር ሴት ናት። ዜግነት ካገኘች ብዙ ዓመት ሆኗታል። ስለ ሰፈሯ ምርጫ በስልክ ብጠይቃት ሳቀችብኝ። «ልጄ፣ ምክር ቤቱ እኮ ቆሻሻ የሚያነሣ መሥሪያ ቤት ነው። ሥራ አድሬ መጥቼ ለእርሱ ብዬ እንቅልፌን ላጣ? አንድም ቀን መርጬ አላውቅም» አለችኝ። እኔም የሻይ ቤቱ ነገር ትዝ ስላለኝ መልስ አጣሁ።

አሁን ያጠናሁትን ባጭሩ ልንገራችሁ። የምጠቅሰው ዓመት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር መሆኑን አንባቢ ይወቅልኝ።

በ1899 በወጣ ሕግ ለንደን ቦሮ በሚባሉ 28 የአስተዳደር ክፍሎች ተከፈለች። እያንዳንዱ ቦሮ ሕዝቡ የሚመርጠው የራሱ ምክር ቤት ተሰጠው፤ የመጀመሪያው ምርጫም በ1900 በኖቬምበር ወር ተደረገ። ከእነዚህ አንዱ ፖፕላር ነበር። አገሩ የመርከብ ወደብ ነው። ወንዶቹ ማለዳ ከወደቡ በር ላይ ተሰልፈው ይቆማሉ፤ አሠሪው የፈለገውን ያህል ሰው ጠርቶ ያስገባል፤ ያልተጠራው ባዶ እጁን ወደ ልጆቹ ይመለሳል። በ1907 ሴቶች ለእንዲህ ያለ ምክር ቤት እንዲመረጡ ሕግ ፈቀደ። ከዚያ ጦርነት መጣና ምርጫው ተቋረጠ። በ1918 የወጣው ሕግ የመራጩን ቍጥር እጅግ አበዛው። በኖቬምበር 1919 ምርጫ ሲደረግም የሠራተኞች ፓርቲ ከ42ቱ የፖፕላር ወንበሮች 39ኙን ያዘ። ጆርጅ ላንስበሪ የሚባሉ ሰውም ከንቲባ ሆኑ። አዲሱ ምክር ቤት ለሠራተኞቹ በሳምንት ከ4 ፓውንድ የማያንስ ደመወዝ ቈረጠ፤ ይህንንም ለወንድና ለሴት እኩል አደረገው።

ዋናው ነገር የመጣው በ1921 ነው። በዚያ ዘመን ለችግረኛ የሚሰጠው እርዳታ የሚወጣው በአብዛኛው ከዚያው ሰፈር የቤት ግብር ነበር። ስለዚህ የድኻ ሰፈር ችግረኛው ብዙ፣ ግብሩ ጥቂት ይሆናል፤ የሀብታም ሰፈር ግን ችግረኛው ጥቂት ሆኖ ግብሩ ብዙ ነው። ከዚህም በላይ እያንዳንዱ ቦሮ ለለንደን ጠቅላላ ምክር ቤት፣ ለፖሊስና ለውኃ አገልግሎት የሚከፈለውን ገንዘብ ከነዋሪው ሰብስቦ ማስገባት ነበረበት። ሥራ ያጣው ሰው በበዛ ጊዜ የፖፕላር ምክር ቤት ይህን ገንዘብ ከድኻው አልሰበስብም፤ ሀብታሞቹ ሰፈሮች የችግሩን ሸክም ይካፈሉን አለ። ነገሩ ወደ ፍርድ ቤት ሄደ። ጁላይ 29 ቀን 1921 አባሎቹ 2,000 የሚሆን ሕዝብ አስከትለው፣ ምናልባትም ወደ ወህኒ እየሄዱ መሆናቸውን በሰንደቃቸው ላይ ጽፈው፣ በእግራቸው ወደ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ሄዱ።

እንዳሉትም ሆነ። በሴፕቴምበር 30 የምክር ቤት አባሎች ታሰሩ። 25ቱ ወንዶች ወደ ብሪክስተን፣ አምስቱ ሴቶች ወደ ሆሎዌይ ወህኒ ቤት ተወሰዱ። ከሴቶቹ አንዷ ኔሊ ክሬሶል ነፍሰ ጡር ነበረች። ምክር ቤቱ ግን ሥራውን አላቋረጠም፤ ሴቶቹ በመኪና ወደ ብሪክስተን እየመጡ ስብሰባው በወህኒ ቤት ውስጥ ይደረግ ነበር። ከስድስት ሳምንት ያህል በኋላ ተፈቱ። በዚያው ዓመትም የለንደን ቦሮዎች ለድኻ የሚወጣውን ወጪ እንዲካፈሉ የሚያደርግ ሕግ ወጣ። ከታሰሩት ሴቶች አንዷ፣ ሚኒ ላንስበሪ የምትባለው፣ ከስደተኛ የአይሁድ ቤተ ሰብ የተወለደች መምህርት ነበረች፤ በ1922 መባቻ በ32 ዓመቷ በሳምባ በሽታ ሞተች። ኔሊ ክሬሶል ግን ብዙ ዘመን ኖራ በ1943 የፖፕላር ከንቲባ ሆነች።

ይህን ሳነብ በመጀመሪያ የተደነቅሁት በእስረኞቹ ጀግንነት ነው። ኋላ ግን ሌላ ነገር አሰብሁ። እነዚህ ሰዎች በ1919 ባይመረጡ ኖሮ የሚታሰሩበት ነገር ባልነበረ፤ ሕጉም በዚያ ዓመት ባልወጣ። በወደቡ በር ሲቆም የኖረ አንድ የቀን ሠራተኛ በዚያ ቀን አንድ ወረቀት በሣጥን ውስጥ ጨመረ። የሠራው ይህን ብቻ ነው። በ1922 ምርጫ በመጣ ጊዜም እንደገና ሄዶ ያንኑ ፓርቲ መረጠ።

ነገር ግን ወረቀቱ ለመልካም ብቻ የሚሠራ መሣሪያ አለመሆኑን የዚያው ቦሮ ታሪክ ያስተምራል። በ1965 ፖፕላር ከስቴፕኒና ከቤትናል ግሪን ጋር ተዋሕዶ ታወር ሃምሌትስ የሚባል አዲስ ቦሮ ሆነ። ወደቡ ተዘግቶ ሥራ ጠፋ፤ መኖሪያ ቤትም ተወደደ። ከባንግላዴሽ የመጡ ብዙ ሰዎች በቦሮው ይኖሩ ነበርና ቤት ያሳጡን እነርሱ ናቸው የሚል ጥላቻ በአንዳንዱ ሰው ልብ ተዘራ። በሴፕቴምበር 1993 ሚልዎል በሚባለው የምርጫ ክልል ለአንድ ወንበር ማሟያ ምርጫ ተደረገ። ስደተኛን በመጥላት የታወቀው የብሪቲሽ ናሽናል ፓርቲ ተወዳዳሪ ዴሪክ ቢከን 1,480 ድምፅ፣ የሠራተኞች ፓርቲ ተወዳዳሪ ደግሞ 1,473 ድምፅ አገኙ። ልዩነቱ ሰባት ድምፅ ነው። በዚያ ቀን ከመራጩ ከግማሽ የሚበልጠው ቤቱ ቀርቶ ነበር።

«ሰባት» የሚለውን ቍጥር ሳነብ መጽሐፉን አጠፍሁት። በሚልዎል ዕለቱን ሻይ ቤት ተቀምጠው «እኛ ብንቀር ምን ይጎድላል?» ያሉ ስምንት ሰዎች አልጠፉም ይሆናል።

የሚቀጥለው ምርጫ የተደረገው በሜይ 1994 ነው። ቢከን ከመጀመሪያው የበለጠ ድምፅ አግኝቶ ሳለ ተሸነፈ። ይህ እንዴት ሊሆን ቻለ? ባለፈው ጊዜ ቤቱ የቀረው ብዙ ሰው በዚህ ጊዜ ስለ ወጣ ነው። የጠላው ወገን አላነሰም፤ የቀረው ወገን መጣ እንጂ።

ከዚህ በኋላም የቦሮው ምርጫ ጸጥ ብሎ አያውቅም። በ2010 ሕዝቡ ከንቲባውን በቀጥታ መምረጥ ጀመረና ሉትፉር ራህማን ተመረጡ። በ2014 እንደገና ቢመረጡም አራት መራጮች ከሰሱ፤ የምርጫ ፍርድ ቤትም በ2015 ሕግ የጣሰ ድርጊት ተፈጽሟል ብሎ ምርጫውን ሻረው፤ ለአምስት ዓመትም እንዳይወዳደሩ ከለከላቸው። ጊዜው ካለፈ በኋላ በ2022 ተወዳድረው ሕዝቡ መልሶ መረጣቸው። በዚህ ነገር ማን እንዳጠፋና ማን እንደ ተበደለ የሰፈሩ ሰው ዛሬም ይከራከራል። እኔን ያስገረመኝ ግን አራት ሰዎች ጉዳዬ ብለው ስለ ተነሡ የአንድ ሙሉ ቦሮ ምርጫ መደገሙ ነው።

ለአክስቴ ይህን ሁሉ ነገርኋት። ቦው ሮድ በሚባለው መንገድ ላይ ለሚኒ ላንስበሪ መታሰቢያ የተሰቀለ ሰዓት እንዳለ ስነግራት ዝም አለች። በሳምንቱ የሰዓቱን ፎቶግራፍ ላከችልኝና «ወደ ገበያ ስሄድ ሁልጊዜ የማይበት ሰዓት ነው፤ የማን እንደ ሆነ ሳላውቅ ኖርሁ» አለችኝ። እመርጣለሁ ብላ ቃል አልገባችልኝም። ከ2023 ወዲህ በዚያ አገር ለመምረጥ ፎቶግራፍ ያለበት መታወቂያ ማሳየት ግዴታ ስለሆነ፣ ፓስፖርቷ ይበቃ እንደ ሆነ ግን ጠየቀችኝ። ይበቃል አልኋት።

በእንግሊዝ አገር እስከ 1969 ድረስ ሕጉ መራጭ የሚለው 21 ዓመት የሞላውን ሰው ነበር፤ በዚያ ዓመት የወጣው ሕግ ወደ 18 አወረደው። እኔም ዘንድሮ 18 ዓመት ሞላኝ። ይህን ጽሑፍ ለመጽሔታችን ከመስጠቴ በፊት ወደ ጓደኛዬ ሄጄ ስለ ሻይ ቤቱም ስለ ውሸቴም ነገርሁት። ጥቂት ዝም ብሎ ከቆየ በኋላ «ሻይ ቤቱ እኮ ከክፍላችን መስኮት ይታያል» አለኝ። ለካ ድምፁ ሲቈጠር ሦስታችንን እያየን ነበር። ይህን ሁሉ ወር እያወቀ አንድ ቀን አልወቀሰኝም። ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ውድ የትምህርት ጓደኞቼ፣ እኛ የዘንድሮ ተፈታኞች ከዚህ ግቢ ወጥተን እንሄዳለን፤ ቁም ሣጥኑ ግን ከነመጻሕፍቱ ይቀራል። በሚመጣው መስከረም በዚያ ክፍል የምትቀመጡ ልጆች አለቃችሁን ትመርጣላችሁ። ማንን እንደምትመርጡ የእናንተ ጉዳይ ነው። በዚያ ሰዓት ግን ሻይ ቤት አትቀመጡ።