ፖሊሱ ሲቀድም፣ አስማሚው ሲዘገይ

ድሬዳዋ የባቡር ልጅ ናት ሲባል ሰምተን ያደግን ነን። እውነትም ነው፤ ሐዲዱ በ1895 ዓ.ም. እዚህ ባይደርስ ኖሮ ከዚራ የምንለው ሰፈር ከነጥላ ዛፎቹ ባልኖረ ነበር። ነገር ግን ባቡሩ ያመጣው ዕቃና መንገደኛ ብቻ አይደለም። በሰዓት ገብቶ በሰዓት የሚወጣ፣ በደመወዝ የሚያድር ሰውም አመጣ። የደመወዝ ክርክርም ከዚህ ሰው ጋር አብሮ ወረደ።

በ1940ዎቹ እ.ኤ.አ. መገባደጃ የምድር ባቡር ሠራተኞች በማኅበር ተደራጅተው ሥራ ለማቆም ሲነሡ መንግሥት የመለሰላቸው በኃይል ነበር። በዚያን ጊዜ አሠሪንና ሠራተኛን የሚዳኝ የሥራ ሕግ ስላልነበረ፣ ሕጉም ዳኛውም ዱላው ነበር ማለት ይቻላል። የሠራተኛ ማኅበር በድንጋጌ የተፈቀደው በ1962 እ.ኤ.አ. ሲሆን፣ የኢትዮጵያ ሠራተኞች አንድነት ማኅበር የታወቀው በ1955 ዓ.ም. ነው። ከዚያ ወዲህ በሁለቱ ወገኖች መካከል አንድ ሦስተኛ ሰው ገባ፤ እርሱም የሥራ ጉዳይ ሹም ነው።

ባለፈው ክረምት ለዕረፍት አገራችን ስንገባ፣ ስሙን የማንጠቅሰው አንድ ፋብሪካ በር ላይ ሠራተኞች ቆመው አገኘን። አብዛኞቹ ሴቶች ናቸው። የትርፍ ሰዓት ክፍያ ጠይቀው መልስ አጥተዋል። ድንጋይ የያዘ አላየንም፤ የያዙት የምሳ ዕቃ ነው። ፖሊስ ግን ከእኛ በፊት ደርሷል። የሥራ ጉዳይ ሹሙ የመጣው በአራተኛው ቀን ነው። ከሰፈራችን የምናውቃቸው አንዲት እናት «ልጆቼ፣ እናንተ የተማራችሁ ናችሁ፤ ይህ ፖሊስ እኛንም ይጠብቃል ወይስ በሩን ብቻ?» ብለው ጠየቁን። ይህ ጥያቄ በፈተና ላይ ወጥቶልን አያውቅም።

ስለዚህ አዋጁን ፈልገን አነበብን። አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ሥራ ማቆም የፈለገ ማኅበር ከ10 ቀን በፊት ምክንያቱን ገልጾ ለአሠሪውም ለመንግሥትም እንዲያስታውቅ ያዛል። ውሳኔው ከአባላቱ ሁለት ሦስተኛው በተገኙበት ስብሰባ በአብዛኛው ድምፅ መደገፍ አለበት። ይህ ለሠራተኛው ብዙ ሸክም ነው። ለሹሙ ግን 10 ቀን ሙሉ የተሰጠ ጊዜ ነው! በዚያ ውስጥ ቢሮው ከፋብሪካው በር መድረስ ቢያቅተው በምን እናመካኝ፤ በድሬ ሙቀት? ፖሊስ የሚያስፈልገው አንድ የስልክ ጥሪ ነው፤ አሠሪውም የስልኩን ቁጥር ያውቃል።

ሕጉ ኃይልና ዛቻ ያለበትን አድማ ከልክሏል፤ ይህን አንቃወምም። ዝም ብሎ መቆም ግን ኃይል አይደለም። በበሩ ላይ የቆመው ወጣት ፖሊስም ቢሆን እንደ እነርሱው በደመወዝ የሚኖር ነው፤ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅም እርሱን አይመለከተውም። በእርሱ መቆጣት ትክክል አይመስለንም። ሹሙ በጊዜ ያልሠራውን ሥራ በዱላ እንዲጨርስ የተላከ ሰው ነውና።

አስማሚ የማዘዝ ሥልጣን የለውም፤ ያግባባል እንጂ። በ30 ቀን ውስጥ ካልተሳካለት ጉዳዩ ወደ ቦርድ ሊሄድ ይችላል። ሥልጣን ያለው ተቆጣጣሪው ነው። በማናቸውም የሥራ ሰዓት፣ ሳያስታውቅ፣ ፋብሪካ ገብቶ የትርፍ ሰዓት መዝገብ ማየት ይችላል። ያ መዝገብ ከአድማው በፊት ታይቶ ቢሆን ኖሮ ሴቶቹ አራት ቀን ፀሐይ ላይ ባልቆሙ ነበር።

የሕግ ፋኩልቲ ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን፣ እነዚህን አንቀጾች በአማርኛ፣ በኦሮምኛና በሶማልኛ በአንድ ገጽ ጻፉልን። ማባዛቱን እኛ እንችላለን፤ በሚቀጥለው ዕረፍት ወደ ድሬ ስንወርድ ይዘነው እንሄዳለን።