የአያቴ ተከራይ

ቆቦ ላይ ሁለተኛ ደረጃ የተማረን የገጠር ልጅ «የት ተማርክ?» ብትሉት የትምህርት ቤቱን ስም ይነግራችኋል። «የት ነበርክ?» ብትሉት ግን አከራዩን ነው የሚጠራው፤ «እነ እገሌ ግቢ» ይላል። ከዞብል ወርዶ፣ ከግዳን ደጋ ቁልቁል መጥቶ፣ ከሮቢትና ከጎብዬ ተነሥቶ ከተማ የገባ ተማሪ ክፍል ውስጥ የሚውለው ግማሽ ቀን ነው፤ ትምህርቱ በፈረቃ ነውና። የቀረው ኑሮው ለሦስት ለአራት ሆነው በተከራዩአት አንዲት ክፍል ውስጥ ነው። እሑድ ማታ ስንቁን ተሸክሞ ይገባል፤ ድርቆሽ፣ በሶ፣ ሽሮ፣ የማሽላ ቂጣ። ወጥ በተራ ይሠራል፣ ውሃ በተራ ይቀዳል፣ በኩራዙ ላምባ ይጣላል። ዓርብ ከሰዓት ባዶ ጆንያውን አጥፎ ወደ አገሩ ይመለሳል። የእነዚህን ልጆች ታሪክ የሚፈልግ ሰው ከመዝገብ ቤት በፊት የአከራዮቹን ጓዳ ማንኳኳት አለበት ባይ ነኝ። እዚህ ያደረሰኝ አያቴ ትታው የሄደችው ሳንዱቅ ነው።

አያቴ ከዋናው የደሴ–መቀሌ መንገድ ገባ ባለው ግቢዋ ሰርቪስ ቤቶቹን ለተማሪ ታከራይ ነበር። ኪራዩን አንዳንዱ በብር፣ አንዳንዱ በእህል ይከፍላል፤ ደጋሊት ማሽላ ያመጣላት ልጅ ከሌላው ይልቅ ይከበራል። ሴት ተማሪ ከመጣች የምትሰጣት ከራሷ ጓዳ ቀጥሎ ያለችውን ክፍል ነው፤ መንገድ ላይ ጠለፋ፣ ቤት ውስጥ የታጨ ባል የሚጠብቃት ልጅ አሥረኛን እስክትጨርስ አያቴ እንቅልፍ አልነበራትም። ስታርፍ ልጆቿ ዕቃዋን ተከፋፈሉ፤ ማንም ያልፈለገው የቆርቆሮ ሳንዱቅ ተረፈ። «አንተ ወረቀት ትወዳለህ» ተብሎ ለእኔ ደረሰኝ።

ሳንዱቁን ከልጅነቴ አውቀዋለሁ። ከአልጋዋ ሥር ነበር የሚቀመጠው። የማን ነው ሲሏት «የዚያ ልጅ ነው፣ ይመጣል» ትላለች። የትኛው ልጅ? መልስ የለም፤ ቡናዋን ትቆላለች። እኔም እዚያው ከተማ ተምሬ ወጣሁ፤ በ1997 በየክፍሉ የተሰቀለው ፕላዝማ ደቡብ አፍሪካ በተቀረጸ እንግሊዝኛ ጥያቄ ጠይቆን፣ እኛ ጥያቄውን ሳንሰማ ራሱ መልሶ የሚያልፍበት ዘመን ነበር። (የዚያ ጊዜ ተማሪ ስለ ፕላዝማ ማውራት ከጀመረ አያቆምምና ልተወው።) የእኛ ጓደኞችም በዚያው ሰርቪስ ኖረው ሄዱ። ሳንዱቁ ከቦታው አልተነቃነቀም።

ስከፍተው የዘጠነኛ ክፍል ደብተሮች አገኘሁ፤ ሒሳብ፣ ጂኦግራፊ፣ ባዮሎጂ፣ የፖለቲካ ትምህርት። ሽፋናቸው ላይ ክፍሉ ተጽፏል፣ የትምህርቱ ዓይነት ተጽፏል። የስሙ መስመር ግን በአንዱም ላይ የለም። አይጥ የበላው አይደለም፤ በምላጭ ቀጥ ተደርጎ ተቆርጦ ወጥቷል። ውስጥም ልጁ ስሙን የጻፈበት ቦታ ሁሉ እንዲሁ ተቆርጧል፤ ገጹን ወደ ብርሃን ስታነሡት መስኮት ያለው ይመስላል። ቀለሙ ደግሞ ሌላ ነገር ይናገራል። በየመስመሩ ላይ ከግራ ወደ ቀኝ የተጎተተ ጭረት አለ፤ እጁ የጻፈውን ሳይደርቅ እየጠረገው ያልፋል። ግራኝ ነበር።

የመጨረሻው ቀን የተጻፈበት ገጽ «ታኅሣሥ 1977» ይላል።

1977 ለወሎ ሰው ማብራሪያ አያሻውም። ጥቅምት 13 ቀን ዓለም በቢቢሲ ያየው የኮረም የረሃብተኞች መጠለያ ከቆቦ ሩቅ አይደለም፤ አላማጣን አልፎ የግራ ካሕሱን ጠመዝማዛ መውጣት ነው። ኅዳር ላይ ሰፈራው ተጀመረ። እስከ ቀጣዩ ዓመት ድረስ ወደ 600 ሺህ የሚጠጋ ሰው ከወሎ፣ ከትግራይና ከሸዋ ተነሥቶ ወደ ወለጋ፣ ኢሉባቦር፣ ከፋ፣ ጋምቤላና መተከል ተወሰደ። የብሔራዊ ውትድርና አዋጁም የወጣው በ1975 ነው፤ ከ18 እስከ 30 ዓመት ያለውን ይጠራል። «ዘጠነኛ ክፍል ዕድሜው መቼ ደረሰ?» የሚል ሰው የያኔውን ዘጠነኛ አላየም። የገጠር ልጅ ፊደል የሚቆጥረው ከብት መጠበቁን ለታናሹ ካስረከበ በኋላ ነበር፤ ፂም ያወጣ የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ብርቅ አልነበረም።

በጂኦግራፊው ደብተር ጀርባ አንድ የማመልከቻ ረቂቅ አለ። «ኢትዮጵያ ትቅደም» ብሎ ይጀምርና ለዳይሬክተሩ ይጽፋል፦ ወላጆቼ ወደ ………… ስለሚሄዱ ትምህርቴን እዚያው እንድቀጥል መልቀቂያ እንዲሰጠኝ በትሕትና እጠይቃለሁ። ነጥቦቹ የራሱ ናቸው። ደብዳቤውን ሁለት ጊዜ ሰርዞ እንደገና ጽፎታል፤ ባዶውን ቦታ ግን ሁለቴም ባዶ አድርጎ ነው የተወው። ከግርጌ ፊርማና ስም የነበረበት በምላጭ ወጥቷል።

መዝገብ ቤት ሄዶ ማስፈለግ የመጀመሪያው ሐሳብ ነው። መዝገብ ቤት ግን ስም ከነአባት ከነአያት ይጠይቃል፣ ከዚያ ያቋረጠበትን ዓመት። እኔ ያለኝ ዓመቱ ብቻ ነው። በዚያ ላይ ከ2013 ሐምሌ ወዲህ ቆቦ ከአንድ ጊዜ በላይ በጦርነት ከእጅ ወደ እጅ ተላልፋለች፤ በአማራ ክልል በሺህ የሚቆጠሩ ትምህርት ቤቶች ተጎድተዋል። ወረቀት ተርፎ ይጠብቀኛል ብዬ ልቤን አልጣልኩም። ሰው ይሻላል አልኩ፤ የአያቴን የድሮ ተከራዮች።

አንዱ ሌላውን እየጠቆመ ወልድያ የሚኖሩ ጡረተኛ መምህር ዘንድ ደረስኩ። በዚያ ዓመት ከግራኙ አጠገብ ባለው ሰርቪስ ነበሩ። ደብተሩን ሳሳያቸው መነጽራቸውን አውጥተው ገጹን አገላበጡና ሳቁ።

«ግራኝ! እሱው ነው። ሒሳብ የገባው ልጅ፤ እኛ ስናንቀላፋ እሱ ያሰላ ነበር።»

«ስሙ ማን ነበር፣ ጋሼ?»

«ግራኝ ነበር የምንለው። ስሙማ… ሌላ ስም የነበረው አይመስለኝም» አሉና ራሳቸው ነገሩ ገረማቸው። «አሰብ ወረደ ሲባል ነው የሰማሁት። ያኔ ነገር የጠበበት ሁሉ አሰብ ነበር የሚወርደው፤ ወደብ ላይ ጆንያ ተሸክሞ ያድራል።»

ደሴ ያሉት ነጋዴ በስልክ ይህን ስነግራቸው ተቆጡ። «የምን አሰብ! እሱ ሲናገር ሰምተህ ነው? ልጁ ከእናት ከአባቱ ጋር ሰፈራ ሄደ። ወላሂ፣ በዓይኔ ነው ያየሁት፤ ንጋት ላይ መጥቶ የአያትህን ጉልበት ስሞ ወጣ።» ሳንዱቁን ለምን ጥሎ እንደሄደ ስጠይቃቸው ግን «የሚመለስ መስሎት ይሆናላ» ከማለት አላለፉም።

መልቀቂያ የጠየቀ ልጅ ወደ ወደብ የሚሄድ አይመስለኝም፤ ትምህርቱን ሊቀጥል ነው ያሰበው። ስለዚህ ለነጋዴው አደላሁ። ስሙን ማን እንደቆረጠ ግን አንዳቸውም አያውቁም። ለዚህ ወደ አክስቴ መመለስ ነበረብኝ፤ ቆቦ፣ እዚያው ግቢ። ያኔ አሥር ዓመት ቢሆናት ነው።

«እናቴ ናት የቆረጠችው» አለች፣ ማታ ምን በላችሁ ብዬ የጠየቅኋት ይመስል። «አብዮት ጥበቃ ማታ ማታ በር ያንኳኳል። 'እዚህ የሚያድረው ልጅ የታለ?' ይላል። አንድ ቀን ለውትድርና፣ አንድ ቀን ለሰፈራ፤ ለየትኛው እንደሆነ እነሱም የሚለዩት አይመስለኝም። ልጁ ዞብል ቤተሰቡ ጋ ወጥቷል፤ ዕቃው እኛ ጋ ነው። ስሙ የተጻፈበት ነገር ከተገኘ 'ደብቀሻል' ሊሏት ነው። ምላጭ ገዛችና ቁጭ ብላ ቆረጠች።»

«ለምን አላቃጠለችውም?»

«የተማሪ ደብተር ይቃጠላል? አንተ ደግሞ!»

አንድ ነገር ግን አልገጥም አለኝ። አያቴ ማንበብ አትችልም። የባንክ ደብተር፣ የመሬት ወረቀት፣ የልጅ ሰርግ ውል፣ ሁሉም ላይ የአውራ ጣቷ አሻራ ነው ያለው። ፊደል የማያውቅ ሰው ከመቶ ገጽ ውስጥ ስም ያለበትን መስመር ብቻ እንዴት ለይቶ ያወጣል? ሌላ ቃል አልተነካም፤ አንድም ገጽ በስሕተት አልተቆረጠም።

አክስቴ ሲኒውን አስቀመጠች። «ማን ነው አታነብም ያለህ? ግራኝ አይደል እንዴ ያስተማራት!»

የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ በሐምሌ 1971 ሲጀመር አያቴም እንደ ሰፈሯ ሴቶች ሁሉ ቀበሌው ወዳዘጋጀው ጣቢያ ተጠርታ ነበር። ቀን ስትፈጭና ስትጋግር የዋለች ሴት ማታ አግዳሚ ላይ ስትቀመጥ እንቅልፍ ነው የሚወስዳት፤ ጥቂት ተመላልሳ ተወችው። ከዓመታት በኋላ ይህ ልጅ ተከራይ ሆኖ ሲመጣ ኪራይ ያጥረዋል። የጎደለውን በፊደል ልክፈልሽ አላት። ራት ከተበላ በኋላ በእሱ ኩራዝ፣ በእሱ ደብተር።

ያን ምሽት ደብተሮቹን እንደገና ከመጀመሪያው ገለጥኩ። ከፖለቲካ ትምህርቱ ኋላ፣ የተማሪ ሥራ ነው ብዬ ያለፍኩት ገጽ አለ፤ ትልልቅ፣ የሚንገዳገዱ ፊደላት፣ መስመር ያልያዙ። ጭረት የላቸውም፤ በቀኝ እጅ የተጻፉ ናቸው። የአያቴ ስም ደጋግሞ ተጽፏል፣ አንዱ ከአንዱ ትንሽ እየተስተካከለ። ከሥሩ በዚያው እጅ ሌላ ስም ደጋግሞ ተጽፎ እንደነበር ያስታውቃል፤ የተረፈው ተከታታይ የምላጭ መስኮት ነው። የልጁን ስም መጻፍ ተምራ ነበር፤ የራሷንም ጽሕፈት ቆርጣ አወጣች።

«ታዲያ ለምን አሻራ?» አልኳት አክስቴን በማግሥቱ። «ዕድሜ ልኳን?»

«ማንበብ የሚችል ሰው ይጠየቃላ። አሻራ ያደረገ 'ምን እንዳለበት አላወቅኩም' ይላል። ያን ጊዜ የለመደችውን አልተወችም።»

ይህን ስሰማ ደስታና ቅሬታ ነው የተቀላቀለብኝ። እኔ ልጅ ሆኜ የሪፖርት ካርዴን ዘቅዝቄ «አንደኛ ወጣሁ» እያልኩ ያታለልኳት ይመስለኝ ነበር። ዐሥራ ሁለተኛ መውጣቴን አይታለች ማለት ነው፤ ዳቦ ግን ጋግራልኛለች።

አክስቴ የልጁን ስም ታውቃለች፤ ከነአባቱ ነገረችኝ። እዚህ አልጽፈውም። ሰውየው በሕይወት ካለ፣ አያቴ በምላጭ ያወጣችውን ስም ያለፈቃዱ መጽሔት ላይ መመለስ የእኔ ሥልጣን አይደለም።

ስሙን ይዤ የጠየቅሁት መተከል ውስጥ ያለውን ፓዌን ነው። ከእኛ አገር ከራያ በሰፈራ የሄዱ ብዙዎች መተከል መግባታቸውን ቆቦ ውስጥ የማያውቅ የለም፤ ዘመድ የሌለው ጥቂት ነው። ፓዌ ቆላ ነው፣ የራያ ሰው ሙቀት አይፈራም፤ የፈጀው ወባው ነው። የጣና በለስ ፕሮጀክት በጣልያን ገንዘብ ሲዘረጋ መንደሮቹ በቁጥር ተሰየሙ፤ ዛሬም ሰዉ አድራሻውን ሲናገር «መንደር 7»፣ «መንደር 14» ይላል። አንድ የሩቅ ዘመዳችን በዚያው በ1977 ከተወሰዱት ሽማግሌ ጋር በስልክ አገናኘኝ። ማመልከቻውን አንብብልኝ አሉኝ፤ አነበብኩላቸው። ባዶው ቦታ ላይ ስደርስ ዝም አልኩ።

«ምነው ቆምክ?»

«ባዶ ነው። ወዴት እንደሚሄዱ አልሞላውም።»

«ምን ብሎ ይሙላው ልጄ? ለእኛስ ማን ነግሮን! ለም አገር ነው አሉን፣ ስሙን አላሉንም። ስንወርድ የት ነው ብለን ጠየቅን፤ ያመጡንም የሚያውቁት አይመስልም ነበር።»

ስለ ግራኝ አስተማሪ ጠየቅኋቸው። አንድ ነበረ፣ አሉ፤ ራያ ነኝ የሚል፣ ሰሌዳ ላይ ሲጽፍ ክንዱ የጻፈውን የሚሸፍን፣ ልጆች «ጋሼ፣ ዘወር ይበሉልን» የሚሉት። ሒሳብ ነበር የሚያስተምረው። ባለፉት ዓመታት በመተከል በተነሣው ግጭት ጊዜ ብዙ ሰው ተበታትኗል፤ የት እንዳለ ግን ልጆቹ ሳያውቁ አይቀሩም። የደብዳቤውን ፎቶ እንድልክላቸው አዘዙኝ፤ ጽሕፈቱን ልጆቹ ይለዩታል። ላክሁ። ስሙን ከነአባቱ ነገርኳቸው።

«የአያቱስ?» አሉ። «በዚህ ስም ከነአባቱ ሦስት ሰው አውቃለሁ።»

አክስቴ የአያቱን ስም አታውቅም። ዞብል ላይ የሚያውቅ እንደማይጠፋ ግን እርግጠኛ ናት፤ በሚመጣው ገበያ ማሽላ ይዘው የሚወርዱትን ሰዎች ታጠያይቅልኛለች።