የእሳት ራትና የልጄ ፊልም

የእሳት ራትን ታውቋታላችሁ። ማታ ኩራዝ ሲበራ መጥታ የምትቃጠለው ናት፤ ስሟም ከዚያ የመጣ ነው። ልጄ እዚህ ኢየሩሳሌም «ፊልም ሠሪ እሆናለሁ» ስትለኝ ትዝ ያለችኝ እሷ ናት። ብልጭ ያለ ነገር አይታ እንዳትቃጠልብኝ ሰጋሁ። ደግሞስ ይኼ ሥራ እንጀራ ይሆናል ወይ?

እሷ ግን ስታን ብራኬጅ የሚባል አሜሪካዊ የሠራውን አሳየችኝ። ሰውዬው በ1963 ያለ ካሜራ ነው ፊልም የሠራው። መብራት ጋ የሞቱ የእሳት ራቶችን ክንፍ ለቅሞ፣ ከአበባና ከሣር ጋር በሁለት ግልጽ ፕላስተር መሃል አጣበቀ፤ ያንንም ፊልም ላይ አሳተመው። ፊልሙ ሲታይ ክንፎቹ ለአራት ደቂቃ ያህል ይርገበገባሉ። የገደላቸው ብርሃን መልሶ አነቃቸው ማለት ነው።

ይኼ የሥራ ፈት ጨዋታ አይደለም፤ ትዕግሥት ይጠይቃል። ልጆቻችሁ ኢትዮጵያ ጎዳና፣ ከግንቡ ሥር ጉንዳን ሲቀርጹ ብታዩ ዝም ብላችሁ አትለፉ። ቁጭ በሉና ስለ አገር ቤቱ ንብ፣ ስለ ምስጡ፣ ስለ አንበጣው ንገሯቸው። ዕብራይስጡ ቢያጥረንም ይኼን የምናውቀው እኛ ነን። ለእንጀራው ሌላ ሙያ ጨምረው ይያዙ፤ ማየቱን ግን አትከልክሏቸው።