የላቲን መምህሩ ከተማ

በላምቦ ፊልድ ስታዲየም ግንባር ላይ ያለው ትልቅ ሰዓት ከትክክለኛው ጊዜ 15 ደቂቃ ይቀድማል። አልተበላሸም፤ ሆን ተብሎ ነው። ቪንስ ሎምባርዲ የአሜሪካ ፉትቦል ቡድኑ የግሪን ቤይ ፓከርስ አሰልጣኝ በነበረበት ዘመን ለስብሰባም ሆነ ለልምምድ ከቀጠሮው 15 ደቂቃ ቀድሞ ያልተገኘ ተጫዋች እንደ ዘገየ ይቆጠርበት ነበር። የከተማው ሰው እስከ ዛሬ «የሎምባርዲ ሰዓት» ይለዋል። ሰውየው ካረፈ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ አልፏል። ከስታዲየሙ ጎን የሚያልፈው አውራ መንገድ ግን በስሙ ይጠራል፤ የነሐስ ሐውልቱም ከቡድኑ መሥራች ከከርሊ ላምቦ ሐውልት ጋር ደጃፉ ላይ ቆሟል።

ከሚልዋኪ ተነስቶ ሚሺጋን ሐይቅን በቀኝ እየተዉ ወደ ሰሜን ሁለት ሰዓት ያህል ሲነዱ ግሪን ቤይ ይደረሳል። የወረቀት ፋብሪካ፣ የሥጋ ማሸጊያና የአይብ አገር ነው። ቡድኑም በ1919 (የዓመቱ ቁጥር ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው) የተመሠረተው አንድ የሥጋ ማሸጊያ ድርጅት የማሊያ ገንዘብ ሰጥቶት ነው። የከተማው ነዋሪ ከ100 ሺህ ጥቂት ቢበልጥ ነው፤ ስታዲየሙ ደግሞ 80 ሺህ ያህል ሰው ይይዛል። በአሜሪካ የፉትቦል ሊግ ውስጥ ቱጃር ባለቤት የሌለው ቡድን ይህ ብቻ ነው። ከ1923 ጀምሮ የሕዝብ ነው፤ ዛሬ ባለአክሲዮኖቹ ከግማሽ ሚሊዮን በላይ ናቸው። አክሲዮኑ ትርፍ አይከፍልም፤ ገበያ ወጥቶም አይሸጥም። ያረፍኩበት ቤት ባለቤት፣ በዕድሜ የገፉ ሰው፣ የአክሲዮን ወረቀታቸውን በመስታወት አድርገው ከልጆቻቸው ፎቶግራፍ ጎን ሰቅለውታል። ስለ ሎምባርዲ ስጠይቃቸው ከዋንጫው ሁሉ አስቀድመው የነገሩኝ አስተማሪ እንደ ነበር ነው።

እውነታቸውን ነው። ሎምባርዲ በ1913 ብሩክሊን ውስጥ ከጣሊያን ቤተሰብ ተወለደ፤ አባቱ ሥጋ ሻጭ ነበሩ። በልጅነቱ ለክህነት የሚያዘጋጅ ትምህርት ቤት ገብቶ ነበር። ክህነቱን ቢተወውም ጠዋት ጠዋት ማስቀደሱን አልተወም። ፎርድሃም ዩኒቨርሲቲን ከጨረሰ በኋላ በ1939 ኒው ጀርሲ በሚገኘው የሴንት ሴሲሊያ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ተቀጠረ። ክፍል ገብቶ ላቲን፣ ኬሚስትሪና ፊዚክስ ያስተምራል፤ ከትምህርት በኋላ ልጆቹን ሜዳ አውጥቶ ያሰለጥናል። ከዚያ ፎርድሃም፣ ቀጥሎም የዌስት ፖይንት የጦር አካዳሚ፤ በ1954 ደግሞ የኒው ዮርክ ጃያንትስን የማጥቃት ክፍል ያዘ። የመከላከሉ ክፍል ቶም ላንድሪ ለሚባል ወጣት ተሰጠ። ዋና አሰልጣኝነት ግን ዓመት አልፎ ዓመት ሲተካ አልመጣለትም። ግሪን ቤይ በ1959 ስትጠራው ዕድሜው 45 ነበር። ሰው ስለ ሎምባርዲ ሲያወራ ድሉን ይቆጥራል፤ እኔን የነካኝ ይህ የ20 ዓመት ጥበቃ ነው።

የተረከበው ቡድን ባለፈው ዓመት ከ12 ጨዋታ ያሸነፈው አንዱን ብቻ ነበር። አንዱን አቻ ወጣ፤ አሥሩን ተሸነፈ። ሆኖም ኋላ ስማቸው የገነነው ባርት ስታር፣ ፖል ሆርነንግ፣ ጂም ቴይለር፣ ሬይ ኒችኪ ሁሉም በዚያ በተዋረደ ቡድን ውስጥ ነበሩ። ስታር ሊጉ አዳዲስ ተጫዋቾችን ሲያከፋፍል በ17ኛው ዙር የተመረጠ፣ ማንም ብዙ ያልጠበቀበት ልጅ ነው። ሎምባርዲ እነዚህን ያሉትን አስተማረ።

ያስተማራቸውም ከምንም በላይ አንድ አጨዋወት ነው፤ ስዊፕ ይሉታል። ሯጩ ኳሷን አቅፎ ወደ ሜዳው ዳር ይፈተለካል፤ ጄሪ ክሬመርና ፈዚ ተርስተን፣ ሁለቱ ግዙፍ ጋርዶች፣ ቦታቸውን ለቀው ከፊቱ እየሮጡ መንገድ ይጠርጉለታል። ተጋጣሚው እንደሚመጣ ያውቃል፤ ግን አያቆመውም። ምክንያቱም ተከላካዩ ወደ ግራ ቢያደላ ምን እንደሚደረግ፣ ወደ ቀኝ ቢያደላ ምን እንደሚደረግ እያንዳንዱ ተጫዋች እስኪሰለቸው ድረስ ደጋግሞታል። ኋላ ራሱ ስመ ጥር አሰልጣኝ የሆነው ጆን ማደን በወጣትነቱ የሎምባርዲን ትምህርት ሊሰማ ሄዶ ስለዚህ አንድ አጨዋወት ብቻ ስምንት ሰዓት ሲያብራራ እንደ ሰማው ይናገር ነበር። ይህን ሳነብ በዓይኔ የመጣው የኔታ ፊት የተቀመጠ የቆሎ ተማሪ ነው፤ ዜማው አንድ ቦታ ከተሰበረ ከመጀመሪያው ይጀምራል።

ውጤቱ አልዘገየም። በ1960 ለሻምፒዮናው ደርሰው በፊላደልፊያ 17 ለ 13 ተረቱ። ከዚያ ወዲያ ሎምባርዲ ለሻምፒዮንነት በተደረገ ጨዋታ ተሸንፎ አያውቅም። 1961፣ 1962፣ 1965፣ 1966 እና 1967፤ በሰባት ዓመት አምስት ጊዜ። የመጀመሪያዎቹ ሁለት ሱፐር ቦውሎችም የእሱ ናቸው።

ግሪን ቤይ የሄደ እንግዳ ግን ሳይነገረው የማይመለሰው የታኅሣሥ 31 ቀን 1967ቱን ጨዋታ ነው። ተጋጣሚው ዳላስ፣ አሰልጣኙም ያው የኒው ዮርኩ የሥራ ባልደረባው ቶም ላንድሪ። ብርዱ ከዜሮ በታች 25 ዲግሪ ሴንቲግሬድ። ሎምባርዲ በሣሩ ሥር የኤሌክትሪክ ማሞቂያ አስቀብሮ ነበር፤ በዚያ ቀን አልሠራ አለና ሜዳው በረዶ ሆነ። የዳኞቹ ፊሽካ ከንፈራቸው ላይ ስለተጣበቀ በድምፃቸው ዳኙ። ከ50 ሺህ በላይ ሰው ግን ከቦታው አልተነሳም። ዳላስ 17 ለ 14 እየመራ አምስት ደቂቃ ያህል ሲቀር ፓከርሶች ኳሷን ከራሳቸው ክልል ይዘው ተነሱ፤ 16 ሰከንድ ሲቀር ከግብ መስመሩ አንድ እርምጃ ራቅ ብለው ቆሙ። ኳሷን መትቶ አቻ መሆን ይቻል ነበር። ስታር እኔው ልግባ አለ፤ ሎምባርዲ ፈቀደ። ከክሬመር ጀርባ ተወርውሮ ገባ። 21 ለ 17። ብዙዎች ይህን እንደ ድፍረት ያዩታል። ለእኔ ግን መምህሩ ተማሪውን ያመነበት ቅጽበት ነው፤ በ17ኛው ዙር የተገኘውን ያንን ልጅ።

የሎምባርዲን ጩኸት ግን አልወደውም። ተጫዋቾቹ ይፈሩት ነበር፤ በሕመም ላይ ሆነው የተጫወቱም ብዙ ናቸው፤ ይህን እንደ ጀግንነት ብቻ መተረክ ልክ አይመስለኝም። አንድ ነገሩ ግን እንደ ጥቁር እንግዳ ልቤን ሞልቶታል። በዚያ ዘመን ግሪን ቤይ ውስጥ ጥቁር ነዋሪ እምብዛም አልነበረም። ሎምባርዲ ለከተማው መጠጥ ቤትና ምግብ ቤት ባለቤቶች፣ ጥቁር ተጫዋቼን የማያስተናግድ ቤት ማንም ተጫዋቼ ደጁን አይረግጥም ብሎ አስታወቀ። ቡድኑ ሲጓዝም ነጩን ተቀብሎ ጥቁሩን በሚመልስ ሆቴል አላሳደረውም። እንዲህ ያለውን መድልዎ የሚከለክለው ሕግ ገና ባልወጣበት ጊዜ ነው ይህን ያደረገው።

የምኖረው ዋሽንግተን አጠገብ ስለሆነ ሎምባርዲ የሚለውን ስም መጀመሪያ የማውቀው ከኳስ አይደለም፤ ጆርጅታውን ካለው የካንሰር ማዕከል ነው። በስሙ የተሰየመው እዚያው ጆርጅታውን ሆስፒታል ስለታከመ ነው። በ1969 ከ1955 ወዲህ ከሽንፈቱ ድሉ የበለጠበት ዓመት አይቶ የማያውቀውን የዋሽንግተንን ቡድን ተረከበ። በቀጣዩ ዓመት የትልቁ አንጀት ካንሰር ተገኘበት፤ መስከረም 3 ቀን 1970 በ57 ዓመቱ አረፈ። የሱፐር ቦውሉ የብር ዋንጫ ከዚያ ወዲህ በስሙ ይጠራል። በዋሽንግተን ያሳለፋት ያቺ አንዲት የውድድር ዘመን ሰባት ድል፣ አምስት ሽንፈትና ሁለት አቻ ነበረች። በግሪን ቤይ የመጀመሪያ ዓመቱም እንዲሁ ሰባት ድልና አምስት ሽንፈት ነበር።