የተፈጸመ የሚመስል ፍርድ

አንድ የግል ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ነገረ ፈጅ ሳለሁ፣ ፍርድ ቤት ያዘዘውን ሳንፈጽም የፈጸምን እንድንመስል ያደረግሁት እኔ ነኝ። ፕሬዚዳንቱ «መላ ፈልግ» ከማለት በቀር ምንም አላሉም፤ መላው የእኔ ነበር።

የሒሳብ አያያዝ የሚያስተምሩ አንድ መምህር ያለ በቂ ምክንያት ተሰናብተው ከሰሱን፤ ረቱንም። ችሎቱ በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት ወደ ሥራቸው እንዲመለሱና የ6 ወር ውዝፍ ደመወዝ እንዲከፈላቸው ወሰነ። ይግባኝ አልን። ይግባኝ ማለት ብቻውን አፈጻጸምን እንደማያግድ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 332 ይናገራል፤ እኔም ከተማሪነቴ ጀምሮ አውቀዋለሁ። ሆኖም የአፈጻጸም መጥሪያ በመጣ ቁጥር «ጉዳዩ በይግባኝ ላይ ስለሆነ» እያልኩ መልስ ስጽፍ፣ የእግድ ትዕዛዝ እንዳላገኘን አንድም ጊዜ አልጠቀስኩም። ቀጠሮ ቀጠሮን እየወለደ ከረመ።

ይግባኙ አያስቀርብም ተብሎ ሲዘጋ የዳኛዋ ትዕግሥት አለቀ። ፕሬዚዳንቱ በአካል ቀርበው ትዕዛዙን ያልፈጸሙበትን ምክንያት እንዲያስረዱ፣ ካልቀረቡ ፖሊስ አስገድዶ እንዲያቀርባቸው አዘዙ። ቢሮው ተተራመሰ። እኔም «ወደ ሥራዎ እንዲመለሱ ተወስኗል» የሚል ደብዳቤ አረቀቅሁ። ማኅተም ተመታበት፣ ወጪ ቁጥር ተሰጠው፣ ውዝፉም ተከፈለ። የኮርስ ድልድሉ ግን አልተነካም።

በቀጠሮው ቀን መምህሩ፣ «ደብዳቤው ደርሶኛል፤ የማስተምረው ክፍል ግን አልተሰጠኝም» አሉ። ብድግ ብዬ እጅ ነሣሁና፣ «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ፍርዱ ወደ ሥራ ይመለሱ ይላል እንጂ ይህን ኮርስ ያስተምሩ አይልም» አልኩ። ዳኛዋ ጥቂት አሰቡና መዝገቡን ዘጉት። ከችሎት ስንወጣ ፕሬዚዳንቱ ትከሻዬን መታ መታ አደረጉኝ። ደስ አለኝ። ከሁሉ የሚያሳፍረኝ ያ ደስታ ነው።

ችሎት ፊት የሚሳደብ ሰው በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 449 እስከ አንድ ዓመት ቀላል እስራት ሊቀጣ ይችላል። እንዲያ ያለውን ሰው ግን ዳኛ ያየዋል፣ ይሰማዋል። እኔ ድምፄን ዝቅ አድርጌ፣ «ክቡር» እያልኩ ነው የደፈርኩት። በግልጽ እምቢ ብንል ኖሮ ዳኛዋ የሚቀጡት ሰው ነበራቸው፤ እኔ ያንን ሰው ሰወርኩባቸው።

መምህሩ በየቀኑ ይመጡ ነበር። በር ላይ ፈርመው ይገቡና ከትምህርት ክፍሉ ጸሐፊ ቢሮ ደጅ ባለው አግዳሚ ላይ ይቀመጣሉ። ያስተማሯቸው ልጆች ሲያልፉ፣ «ቲቸር፣ ዘንድሮ ምን እያስተማሩ ነው?» ይሏቸዋል። ሴሚስተሩ ሳያልቅ መልቀቂያ አስገቡ። «በገዛ ፈቃዳቸው ስለለቀቁ» የሚለውን ደብዳቤ የጻፍኩትም እኔው ነኝ።

ሌላ መንገድ ነበረን። ተከራካሪዎቹ አብረው መሥራታቸው ከባድ ችግር የሚፈጥር ከሆነ፣ ሠራተኛው ልመለስ ቢልም እንኳ ካሳ ተከፍሎት እንዲሰናበት ሊወሰን እንደሚችል የአዋጁ አንቀጽ 43 ይፈቅዳል። ክርክሩ ላይ ሳለን ያንን በግልጽ መጠየቅ እንችል ነበር። ካሳው የዩኒቨርሲቲውን ገንዘብ ያስወጣል፤ የእኔ መላ ግን ዕዳውን ሁሉ መምህሩ ላይ ጣለው።

ቆይቼ ደውዬ ይቅርታ ጠየቅኋቸው። ሳይቆጡ አዳመጡኝና፣ «እኔ እንኳ ያደረግኸውን ያን ጊዜም አውቄው ነበር፤ ያታለልከው ዳኛዋን ነው» አሉኝ።

ለዳኛዋ እስከ ዛሬ አልነገርኳቸውም። መዝገቡ ተዘግቷል፣ ጊዜው አልፏል እያልኩ ከረምኩ፤ ይህም ያው የነገረ ፈጅ መልስ ነው።