የሺ እና እመቤት

ልጃችን ስትወለድ አንዳችን በግንባር፣ አንዳችን በአራስ ቤት ነበርን። ከግንባር የተላከው ደብዳቤ በሟች አያቷ ስም «የሺ» ትባል አለ፤ በቤት ግን አስቀድማ «እመቤት» ተብላ ነበር። ሁለት ወር ያህል ሳንጻጻፍ ተኳርፈን ቆየን።

በኋላ ሁለቱን ስሞች ማጋጠም መጣልን፦ የሺእመቤት፤ የሺዎች እመቤት ማለት ነው። በአፍ ሲጠራ «እ» ትዋጥና «የሺመቤት» ይሆናል። የራስ መኰንን ባለቤት፣ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ እናት ወይዘሮ የሺእመቤት ዓሊ የተጠሩበት ስም ነው። እርሳቸው በ1886 ዓ.ም. ሲያርፉ ልጃቸው ገና ሁለት ዓመት አልሞላቸውም ነበር። ይህን ስናስብ ወላጅና ልጅ አብረው የሚኖሩበት ዕድሜ የተቈጠረ መሆኑን ተረዳን፤ በኩርፊያ ያለፈው ሁለት ወርም ቈጨን።

የዕርቃችን ዋጋ አንዲት ፊደል ብቻ ነበረች፤ ያቺው የተዋጠችው «እ»።